ዌልካም ኮሌክሽን፦ ከማሳያ አዳራሾቹ ቤተ መጻሕፍቱ ይበልጣል

ለንደን ውስጥ፣ ከዩስተን ባቡር ጣቢያ ፊት ለፊት፣ በዩስተን ሮድ ቁጥር 183፣ ግንባሩ ላይ ትልልቅ ዓምዶች የቆሙበት የድንጋይ ሕንፃ አለ። ዌልካም ኮሌክሽን ይባላል። ሙዚየምም ቤተ መጻሕፍትም ነው፤ ጉዳዩ ጤናና የሰው ገላ ሲሆን መግቢያው ነጻ ነው። ስለ ዘመናዊ ሥነ ጽሑፍና ባህል ማወቅ የሚፈልግ ሰው ወደ ሕክምና ሙዚየም ምን ያስኬደዋል የሚል አንባቢ ይኖር ይሆናል። በአሥራ ዘጠነኛው መቶ ዓመት መጨረሻ በእንግሊዝኛ ከተጻፉትና እስከ ዛሬ ከሚነበቡት ልብ ወለዶች ውስጥ ብዙዎቹ የሐኪሙን ክፍል፣ የቅኝ ገዥውን መርከብና የታመመውን ሰው ገላ አንድ ላይ አገናኝተው የተጻፉ ናቸው፤ እነዚህ ሦስቱ በዕቃም በወረቀትም ተሰብስበው የሚገኙበት ከዚህ የተሻለ ቤት እኔ አላውቅም። ይሁን እንጂ ቤቱ የያዘውን ሁሉ እኩል አያቀርብም። ማሳያ አዳራሾቹ ደኅና ናቸው፤ ቤተ መጻሕፍቱና የኢንተርኔት ካታሎጉ ግን እጅግ ይበልጣሉ። አዳራሹን ዞሮ፣ ቡናውን ጠጥቶ የሚወጣ ጎብኚ የቤቱን ዋና ነገር ሳያይ ይሄዳል። በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር የተሰጡ ናቸው።

መሥራቹ ሄንሪ ዌልካም በ1853 በአሜሪካ በዊስኮንሲን ተወልዶ በለንደን የከበረ የመድኃኒት ነጋዴ ነበር። በ1880 ከአገሩ ልጅ ከሳይላስ ባሮውስ ጋር ባሮውስ ዌልካም የተባለውን ኩባንያ አቋቋመ። ሀብታም ያደረጋቸው ዋናው ነገር መድኃኒትን በፈሳሽና በዱቄት ከመሸጥ ይልቅ መጠኑ አስቀድሞ በተለካ፣ ተጨምቆ በደረቀ ክኒን መልክ ማቅረባቸው ነው። ሐኪምና ሚዛን በሌለበት፣ ሙቀትና እርጥበት በበዛበት አገር ይዞ ለመዞር ከክኒን የሚመች ነገር አልነበረም፤ በዚያ ዘመን ደግሞ ወደዚያ ዓይነት አገር በብዛት የሚጓዙት ወታደሮች፣ ሚስዮናውያን፣ አገር አሳሾችና የቅኝ ግዛት ሹማምንት ነበሩ። ዌልካም ባተረፈው ገንዘብ ከመላው ዓለም ሕክምናንና ገላን የሚመለከት ዕቃ ይሰበስብ ጀመር፤ ጨረታ ላይ ዋጋ እንዳይሰቀልበት በሐሰተኛ ስም እስከ መግዛት የደረሰ ሰው ነው። በ1936 ሲሞት ከአንድ ሚሊዮን በላይ ዕቃ ትቶ አለፈ። ከዚያ ውስጥ አብዛኛው ለሌሎች ሙዚየሞች ተከፋፍሏል፤ የሕክምናው ዕቃም ትልቁ ክፍል ከ1970ዎቹ ጀምሮ በውሰት በሳይንስ ሙዚየም እጅ ይገኛል። ስለዚህ የዌልካምን ስብስብ ሙሉውን አያለሁ ብሎ ወደ ዩስተን ሮድ የሚሄድ ሰው የሳይንስ ሙዚየሙ ወዳለበት ወደ ሳውዝ ኬንዚንግተንም መሄድ ይኖርበታል፤ በዚያ በ2019 የተከፈቱት የሕክምና አዳራሾች በዌልካም ስም የተሰየሙ ናቸው።

ከቤቱ ታሪክ ሁሉ ለእኛ ቅርብ የሆነው የጉዞ መድኃኒት ሣጥኑ ነው። ኩባንያው ለጉዞ የሚሆኑ፣ ክዳናቸው ሲነሣ ስማቸው የተለጠፈባቸው ትናንሽ ጠርሙሶች በየቦታቸው ተሰክተው የሚታዩባቸው ሣጥኖች ይሠራ ነበር። ለወባ ኪኒን (ኩዊኒን የተባለው መድኃኒት)፣ ለሕመምና ለተቅማጥ ኦፒየም ይሰጣል፤ ስኮትላንዳዊው አገር አሳሽ ዴቪድ ሊቪንግስተን በአፍሪካ ጉዞው ከኪኒን፣ ከካሎሜል፣ ከጃላፕና ከሩባርብ ቀምሞ የተጠቀመበትንም እንክብል ኩባንያው በሟቹ ስም ይሸጥ ነበር። ከሣጥኖቹ በጣም የታወቁት ሄንሪ ሞርተን ስታንሊ በ1887 በሱዳን በድርቡሾች አመፅ መንገድ የተቆረጠበትን የግብፅ ሹም ኤሚን ፓሻን አወጣለሁ ብሎ በኮንጎ በኩል ሲዘምት የያዛቸው ናቸው። ስታንሊና ዌልካም ወዳጆች ነበሩ፤ ስታንሊ መድኃኒቶቹን በአደባባይ አወደሰ፣ ኩባንያውም ውዳሴውን ለማስታወቂያ አዋለው።

ይህ ስታንሊ በእኛ ታሪክ ውስጥ እንግዳ አይደለም። በ1868 ከጄኔራል ናፒየር ጦር ጋር እስከ መቅደላ የዘለቀው የኒው ዮርክ ሄራልድ ጋዜጠኛ፣ የአፄ ቴዎድሮስን ፍጻሜም ከሁሉ ቀድሞ ለውጭው ዓለም ያሰማው እርሱ ነው። በ1871 ሊቪንግስተንን ፈልጎ አገኘ፤ ከዚያ በኋላ ደግሞ ለቤልጅጉ ንጉሥ ለሁለተኛው ሊዮፖልድ በውል ስም ኮንጎን ያዘለት። ስለ መቅደላ የጻፈው ብዕርና ስለ ኮንጎ የጻፈው ብዕር አንድ ነው፤ የአፍሪካን ጉዞ እንደ ጀብዱ ታሪክ አድርጎ የመጻፍን ልማድም ካስፋፉት ሰዎች ግንባር ቀደሙ እርሱ ነው። የመቅደላው ዘመቻም ቢሆን የመሣሪያ ዘመቻ ብቻ አልነበረም። የጂኦሎጂና የእንስሳት ተመራማሪው ዊልያም ብላንፎርድ፣ የጂኦግራፊው ሰው ክሌመንትስ ማርካም፣ ከብሪቲሽ ሙዚየም የተላከው ሪቻርድ ሆምስ፣ ፎቶ አንሺዎችም ሳይቀሩ ከጦሩ ጋር ወጥተዋል። ድንጋዩ ተመረመረ፣ እንስሳውና ወፉ ተመዘገበ፣ ብራናው በዝሆንና በበቅሎ ተጫነ። ሳይንስ ከጦር ጋር አብሮ እንዴት እንደሚጓዝ ለማየት ከመቅደላ የተሻለ ምሳሌ ፍለጋ ሩቅ መሄድ አያስፈልግም።

ስታንሊ ባስከፈተው መንገድ በ1890 አንድ ፖላንዳዊ መርከበኛ ወደ ኮንጎ ወርዶ በትኩሳትና በተቅማጥ ማቅቆ ተመለሰ። ይህ ሰው ጆሴፍ ኮንራድ ነው። በ1899 ባወጣው «ሃርት ኦፍ ዳርክነስ» በተባለው ልብ ወለዱ ተራኪው ከመነሣቱ በፊት በኩባንያው ሐኪም ይታያል። ሐኪሙ የደም ሥሩን ዳብሶ ካበቃ በኋላ የራስ ቅል መለኪያ ያወጣና ጭንቅላቱን ከፊት፣ ከኋላ፣ ከየአቅጣጫው ይለካዋል፤ ወደዚያ የሚሄዱትን ሁሉ ራስ ለሳይንስ ሲል እንደሚለካ ይነግረዋል። ሲመለሱስ ትለካቸዋለህ ወይ ተብሎ ሲጠየቅ፣ ሲመለሱ አይቷቸው እንደማያውቅ፣ ለውጡም በውስጥ እንጂ በውጭ እንደማይሆን ይመልሳል። ያ መሣሪያ በእውነተኛው ዓለም በአብዛኛው የሚዞረው ወደ ተገዢው ሕዝብ ራስ ነበር፤ ደራሲው ግን ወደ ገዢው ራስ አዞረው። የዚህን ገጽ ክብደት የራስ ቅል መለኪያን በዓይኑ ያላየ አንባቢ በሙሉ የሚረዳው አይመስለኝም፤ የሕክምና ታሪክ ስብስብ ለሥነ ጽሑፍ ተማሪ የሚጠቅመውም በዚህ ነው።

በእርግጥ ታሪኩ በኮንራድ አያበቃም። ናይጄሪያዊው ደራሲ ቺንዋ አቼቤ በ1975 በአሜሪካ በማሳቹሴትስ ባደረገው ንግግር በዚያ ልብ ወለድ ውስጥ አፍሪካውያን እጅና እግር እንጂ አንደበት እንዳልተሰጣቸው ተናግሮ መጽሐፉን ክፉኛ ነቅፏል፤ አቼቤ ራሱ ኢባዳን የገባው ሕክምና ሊማር ነበር፣ በዓመቱ ወደ ሥነ ጽሑፍ ተዛወረ እንጂ። ከሕክምና ወደ ልብ ወለድ የተሻገረው እርሱ ብቻም አይደለም። የሼርሎክ ሆልምስ ፈጣሪ አርተር ኮናን ዶይል ሐኪም ነበር፤ ሆልምስን የቀዳውም ሕመምተኛ ሲገባ ገና ሳይናገር ሥራውንና መንደሩን ከሚገምተው ከኤዲንብራው አስተማሪው ከዶክተር ጆሴፍ ቤል ነው። ታሪኩን የሚነግረን ዶክተር ዋትሰንም በ1887 በወጣው የመጀመሪያው መጽሐፍ ላይ ከአፍጋኒስታን ጦርነት ቆስሎና በተስቦ ደክሞ ወደ ለንደን የተመለሰ የጦር ሐኪም ነው። ብዙዎቻችን የወንጀል ምርመራ ታሪክ አድርገን ብቻ ያነበብነው ነገር ሲጀምር ከግዛት ዘመቻ ተጎድቶ በተመለሰ ገላ ይጀምራል። መርማሪዎች የሚመኩበት የጣት አሻራም ቢሆን ለንደን ከመድረሱ በፊት የተሞከረው በሕንድ ነው፤ በ1858 በቤንጋል ዊልያም ኸርሸል የተባለ ሹም ለውል ማረጋገጫ የእጅ አሻራ አስነሥቷል፣ የአሻራ መዝገብ ቢሮም የለንደን ፖሊስ (ስኮትላንድ ያርድ) የራሱን ከመጀመሩ ከ4 ዓመት በፊት በ1897 በካልካታ ተከፍቷል።

ወደ ቤቱ ልመለስ። ዌልካም ኮሌክሽን ለሕዝብ ከተከፈተበት ከ2007 ጀምሮ የመሥራቹን ዕቃዎች የሚያሳይ «ሜዲስን ማን» የተባለ ቋሚ አዳራሽ ነበረው። የናፖሊዮን የጥርስ ብሩሽና የዳርዊን ምርኩዝ በዚያ ነበሩ፤ ከሩቅ አገር የመጡ ክታቦች፣ ምስሎችና የሕክምና መሣሪያዎችም ነበሩበት። በኅዳር 2022 ድርጅቱ አዳራሹን ዘጋው። የተሰጠው ምክንያት ማሳያው የሕክምናን ታሪክ የሚተርከው በዘረኝነት፣ ሴቶችን በማሳነስና አካል ጉዳተኞችን በመናቅ ላይ በቆመ እይታ ነው የሚል ነው። ከጠቀሷቸው ነገሮች አንዱ በ1916 የተሳለ ሥዕል ሲሆን፣ በሥዕሉ ላይ አንድ የታመመ አፍሪካዊ በነጭ ሚስዮናዊ ሐኪም ፊት ተንበርክኮ ይታያል። መዘጋቱ በእንግሊዝ ጋዜጦች ብዙ አከራክሯል።

እኔ የድርጅቱን ምክንያት እቀበላለሁ፤ መፍትሔውን ግን አልወደድኩትም። ያ ሥዕል ሐሰት የሚነግረው ብቻውን ሲሰቀል ነው። ከጎኑ የመድኃኒት ሣጥኑ፣ የኩባንያው ማስታወቂያ፣ የስታንሊ ውዳሴና በኮንጎ የተፈጸመው ግፍ መዝገብ ቢቀመጡለት ኖሮ ሥዕሉ ራሱ ምስክር በሆነ ነበር። ዕቃው ወደ መጋዘን ሲገባ ክሱም አብሮ ይገባል፤ ጎብኚው የሚያየው ንጹሕ አዳራሽ ነው። ለገላ፣ ለመድኃኒትና ለግዛት ታሪክ የመጣ ሰው ለጥያቄው መልስ የሚያገኘው እንግዲህ በመደርደሪያና በካታሎግ ውስጥ ይሆናል፤ አስቀድሜ ቤተ መጻሕፍቱ ይበልጣል ያልኩበት አንዱ ምክንያት ይህ ነው።

በ2019 የተከፈተው «ቢኢንግ ሂዩማን» የተባለው አዳራሽ የዛሬውን ሰው ይመለከታል፤ ስለ ዘር ውርስ፣ ስለ አእምሮና ገላ፣ ስለ ተላላፊ በሽታ፣ ስለ አካባቢ መጎዳት የሚናገሩ አራት ክፍሎች አሉት። አዳራሹ ሲዘጋጅ አካል ጉዳተኞች ተማክረዋል፤ በመቀመጫው ብዛት፣ በጽሑፉ ከፍታና በመተላለፊያው ስፋትም ያስታውቃል፤ በዚህ በኩል ከብዙ የለንደን ሙዚየሞች ይሻላል። ከሥራዎቹ ሁሉ ጊዜ ሊሰጠው የሚገባው የብሪታንያ ናይጄሪያዊው የዪንካ ሾኒባሬ ቅርጽ ነው። የሰው ቁመት ያለው ጠፈርተኛ ነው፤ በጀርባው ላይ መረብ ውስጥ የታጨቀ የቤት ዕቃ ተሸክሟል፤ የለበሰው የጠፈር ልብስ ግን ነጭ አይደለም፣ በምዕራብ አፍሪካ ገበያ ከሚሸጠው ባለ ደማቅ ቀለም የሰም ሕትመት ጨርቅ የተሰፋ ነው። ያ ጨርቅ ብዙ ሰው አፍሪካዊ ነው የሚለው ቢሆንም፣ የሆላንድ ፋብሪካዎች ከኢንዶኔዥያ ባቲክ ቀድተው በመኪና ያተሙትና በኋላ ምዕራብ አፍሪካ ገበያ ያገኘለት ዕቃ ነው። ቅኝ ግዛት፣ ስደትና የጠፈር ሳይንስ በአንድ ልብስ ላይ ተሰፍተዋል፤ የቀሩት ብዙዎቹ ሥራዎች ግን ከአጠገባቸው የተለጠፈው ማብራሪያ ካልተነበበ በራሳቸው አይናገሩም፤ እነርሱን ቶሎ ማለፍ ይቻላል።

አሁን ወደ ዋናው ነገር እመጣለሁ። ቤተ መጻሕፍቱ ለማንም ሰው ክፍት ነው። የዩኒቨርሲቲ መታወቂያ፣ የድጋፍ ደብዳቤ፣ ክፍያ አይጠይቅም፤ በነጻ የተመዘገበ ሰው ከመጋዘን የሚወጡ መዛግብትን አስቀድሞ አዝዞ በተለየ ክፍል ማየት ይችላል። በዚያ ክፍል ውስጥ ደንቡ ጠበቅ ያለ ነው፦ ቦርሳ ውጭ ይቀመጣል፣ በእርሳስ እንጂ በእስክሪብቶ አይጻፍም፣ ጥንታዊ መጽሐፍ በትራስ ላይ ተደግፎ ይገለጣል። ከለንደን ውጭ ላለ አንባቢ ደግሞ ካታሎጉ በኢንተርኔት አለ፤ በርካታው ስብስብ በፎቶ ተነሥቶ ተለጥፏል፣ አብዛኛውንም ያለ ክፍያ አውርዶ መጠቀም ይፈቀዳል። ከአዲስ አበባም ከጎንደርም ሆኖ የሚያነብ ተማሪ ከለንደኑ እኩል ይጠቀማል ማለት ነው፤ መብራትና ኢንተርኔት ካልከዳው።

በካታሎጉ መፈለጊያ ላይ ኢትዮጵያን የሚመለከት ቃል ያስገባ ሰው የብራና መጻሕፍትንና የክታብ ጥቅልሎችን ያገኛል። ሳይንስ፣ ገላና ግዛት በሥነ ጽሑፍ ላይ ያሳደሩትን ለማየት ከኮንራድ መለኪያ ይልቅ እኔን የያዘኝ ይህ ጥቅልል ነው። ክታብ በልማድ የሚዘጋጀው ለአንድ ለተወሰነ ሰው ነው። የፍየል ወይም የበግ ቆዳ ተፍቆ፣ በጠባቡ ተቆርጦ፣ ጫፍ ለጫፍ ይሰፋል፤ ርዝመቱ ከባለቤቱ ቁመት ጋር እንዲስተካከል ይደረጋል፣ ከራስ እስከ እግር እንዲጠብቅ። የአንባቢውን ቁመት ለክቶ የሚቆረጥ መጽሐፍ ሌላ የት ይገኛል! ደብተራው በጥቁርና በቀይ ቀለም ይጽፈዋል፤ በቀዩ ቅዱሳን ስሞችና የባለቤቱ የክርስትና ስም ይገባሉ። ከላይ፣ ከመካከልና ከታች ሰይፍ የያዘ መልአክ፣ ስምንት ጨረር ያለው ኮከብ፣ አፍጥጦ የሚያይ ዓይን ይሣልበታል። ጸሎተ ሱስንዮስ ሕፃናትን ከምትገድለው ከውርዝልያ ለመጠበቅ ይጻፋል፤ ለዓይነ ጥላ፣ ለቡዳ፣ ለቁርጥማት፣ ለደም መፍሰስም የየራሳቸው ጸሎት አላቸው።

ከእነዚህ ሁሉ ሾተላይን ልጥቀስ። ልጅ በተከታታይ የሚሞትባት ወይም የሚጨነግፍባት እናት በሾተላይ ተይዛለች ይባል ነበር፤ የክታብ ጸሎት የሚጻፍላትም ለዚህ ነው። ካርል ላንድስታይነር በ1901 የደም ዓይነቶችን አስታወቀ፤ በ1940 ደግሞ ከአሌክሳንደር ዊነር ጋር አር ኤች የተባለውን የደም ባሕርይ ገለጠ፤ ከዚያ በኋላ ደሟ አር ኤች ነጌቲቭ የሆነች እናት አር ኤች ፖዘቲቭ ልጅ ስትፀንስ ሰውነቷ የሚቀጥለውን ፅንስ ደም ሊያጠቃ እንደሚችል ታወቀ። መከላከያ መርፌው የተገኘው በ1960ዎቹ መጨረሻ ነው። ዛሬ በአገራችን የእርግዝና ክትትል ክፍሎች ውስጥ ሾተላይ ሲባል ይህንኑ ማለት ነው። ደብተራው ልጆች በተከታታይ እንደሚሞቱ ያውቅ ነበር፤ ያላወቀው ምክንያቱን ነው። በአውሮፓም ቢሆን ሁኔታው ከዚህ የራቀ አልነበረም። ብራም ስቶከር በ1897 «ድራኩላ»ን ሲጽፍ ለአንዲት ሕመምተኛ አራት ወንዶች በየተራ ደማቸውን ይሰጧታል፣ የማን ደም ለማን እንደሚስማማ የሚጠይቅ ግን የለም፤ እንዲጠይቅም አይጠበቅም፣ ላንድስታይነር ገና ነበርና። በዚያ ዘመን የለንደኑ ደራሲም የጎንደሩ ደብተራም ስለ ደም የጻፉት ከላቦራቶሪው ቀድመው ነው። ልዩነቱ አንደኛው በልብ ወለድ መደርደሪያ ላይ ሲቀመጥ ሌላው የሕክምና ሙዚየም ዕቃ ሆኖ መቅረቱ ነው፤ ክታብን እንደ ጽሑፍ፣ ያውም ለአንድ አንባቢ ብቻ እንደ ተጻፈ ጽሑፍ፣ የሚያነብ የሥነ ጽሑፍ መምህር ማየት እመኛለሁ።

ፎቶዎቹ ፊደሉን አጉልቶ ለማንበብ የሚያስችሉ ናቸው፤ ግእዝ የሚያነብ ሰው «ዕቀባ ለአመትከ» (አገልጋይህን ጠብቃት) ከሚለው ቀጥሎ የባለቤቷን ስም መፈለግ ይችላል። አንዳንድ ክታብ ላይ የቀድሞው ስም ተፍቆ የሌላ ሰው ስም ይገባል፤ ክታብ ከእናት ወደ ልጅ ሲተላለፍ ወይም ሲሸጥ እንዲህ ይደረግ ነበር። ካታሎጉ ለእንዲህ ዓይነቱ ዝርዝር ብዙም አይመችም። መግለጫው በእንግሊዝኛ ነው፤ ስለ ቆዳው፣ ስለ መጠኑ፣ ስለ ሥዕሉ ይናገራል። ዕቃው ከማን እጅ እንደ ወጣና እንዴት ለንደን እንደ ደረሰ ለማወቅ የሚፈልግ አንባቢ ግን የካታሎጉን መግለጫ ብቻ አንብቦ ማቆም የለበትም፤ የዌልካም ወኪሎች በየጨረታው ያደረጉት ግዢ የራሱ መዝገብ አለው፣ ያም በዚያው ቤተ መጻሕፍት ውስጥ ይታያል። ሠራተኞቹን መጠየቅ ነው።

ለቤቱ አንድ ኤግዚቢሽን ምከር ብባል የሐኪም ወርቅነህ እሸቱን ሕይወት እመርጥ ነበር። በ1868 ገና ሕፃን ሳለ በመቅደላ ያገኙት የእንግሊዝ መኮንኖች ይዘውት ወደ ሕንድ ሄዱ፤ ቻርልስ ማርቲን የተባለውም ከአሳዳጊዎቹ በተወረሰ ስም ነው። በላሆር ሕክምና ተማረ፣ በስኮትላንድ ትምህርቱን አሳደገ፣ በበርማ የእንግሊዝ መንግሥት ሐኪም ሆኖ አገለገለ። ከዐድዋ ድል በኋላ አገሩን ፈልጎ ሲመጣ አያቱ በገላው ላይ ባለው ጠባሳ ለይተው አወቁት። በ1935 ጣሊያን አገራችንን ሲወርር ደግሞ በለንደን የኢትዮጵያ መልእክተኛ ሆኖ ስለ ወረራውና ስለ መርዝ ጋዙ ለእንግሊዝ ሕዝብ አስረድቷል። ግዛት የወሰደው ሕፃን በግዛት ትምህርት ቤት ሐኪም ሆኖ፣ በገላው ምልክት ወደ ወገኑ ተመልሶ፣ በመጨረሻ በዚያው በግዛቲቱ ዋና ከተማ ላይ ለወገኑ ቆመ። ልብ ወለድ ቢሆን ኖሮ አዘጋጁ ተጋነነ ብሎ ይመልሰው ነበር።

ከእርሱ ጋር ከመቅደላ የተወሰደው ልዑል ዓለማየሁ ግን አልተመለሰም። በዚያው በ1868 በዋይት ደሴት ጁሊያ ማርጋሬት ካሜሮን ያነሣችው ፎቶ የቪክቶሪያ ዘመን ፎቶግራፍ ጥበብ ተብሎ በየሙዚየሙ ይታያል፤ ልጁ በ1879 በ18 ዓመቱ በሊድስ አረፈ፣ የተቀበረው በዊንድሰር ነው፤ አስከሬኑ ይመለስ የሚለውን ጥያቄ ቤተ መንግሥቱ በ2023 አልተቀበለውም። የአፄ ቴዎድሮስ ጸጉር ግን በ2019 ከለንደኑ የጦር ሠራዊት ሙዚየም ተመልሷል። ገላ በሙዚየምና በመቃብር ውስጥ እንዴት የፖለቲካ ጉዳይ እንደሚሆን የሚያሳይ አዳራሽ የሚሠራ ቤት ካለ፣ ጸጉሩ፣ ፎቶውና ጠባሳው ሦስቱም የሚሰጡት ብዙ ነገር አላቸው።

ለሚሄድ ሰው ጥቂት ተግባራዊ ነገሮች ልጨምር። ከዩስተን፣ ከዩስተን ስኩዌርና ከዋረን ስትሪት ጣቢያዎች በእግር ይደረሳል። ማሳያ አዳራሾቹ ሰኞ ዝግ ናቸው፤ ሐሙስ ቀን እስከ ምሽት ድረስ ስለሚቆዩ ከሥራ በኋላ ለሚመጣ ሰው የሚመቸው ሐሙስ ነው። የቤተ መጻሕፍቱ ሰዓት ከአዳራሾቹ ይለያልና ከመነሣት በፊት በድረ ገጹ ላይ ማየት ይገባል፤ ጥንታዊ ጽሑፍ ለማየት የሚፈልግም በሄደበት ቀን አገኛለሁ ብሎ ሳይሆን አስቀድሞ አዝዞ ይሂድ። በሁለተኛው ፎቅ ላይ ያለው የንባብ አዳራሽ ሶፋና ትራስ ያለው፣ መጽሐፍ ከመደርደሪያ አውርደው የሚያነቡበት፣ ልጅ ይዞ ለመጣ ሰው ጭምር የማይጨንቅ ክፍል ነው። ካፌው በለንደን ዋጋ ነው የሚሸጠው፤ የመጽሐፍ መደብሩ በሕክምናና በሥነ ጽሑፍ መካከል ያሉ መጻሕፍትን መርጦ የሚያቀርብ ስለሆነ ገንዘብ ይዞ መግባት አደገኛ ነው። ትንንሽ ልጆች ያሏቸው ሰዎች በሽታንና የተቆረጠ አካልን የሚያሳዩ ነገሮች እንዳሉ ይወቁት።

ግማሽ ቀን ያለው ሰው አዳራሹን በአንድ ሰዓት ጨርሶ የቀረውን በቤተ መጻሕፍቱ ያሳልፍ፤ ለንደን የመምጣት ዕድል የሌለው ደግሞ ምሽት ላይ ካታሎጉን ከፍቶ በክታቦቹ ይጀምር፣ ቀጥሎ የመድኃኒት ሣጥኖቹን ማስታወቂያ ይፈልግ። ሁለቱን አንድ ላይ ማየት ይጠቅማል።